በር ላይ የቆመው ሰው

ደቦ ደስ የሚል ቃል ነው። አጨዳ ሲደርስ ጎረቤት ይጠራል፣ ማጭዱን ይዞ ይመጣል፣ ጠላ ይቀዳል፣ እየዘፈኑ ያጭዳሉ። ማታ ላይ የትኛው ነዶ በማን ማጭድ እንደወደቀ የሚጠይቅ የለም። መጠየቁም ነውር ነው። የደቦ ውበቱ የእያንዳንዱ እጅ በብዙዎቹ እጅ ውስጥ መጥፋቱ ነው።

ይህን ቃል ከእርሻ ወደ ጎዳና አመጣነው። ነሐሴ 2010 ዓ.ም. ሻሸመኔ ላይ ለአቀባበል የወጣ ሕዝብ አንድን ሰው ቦምብ ይዟል በሚል ወሬ ገድሎ ሰቀለው። ወሬው ውሸት ነበር። በዚያ ሰሞን “የደቦ ፍርድ” የሚለው አነጋገር ከአፍ አይጠፋም ነበር። አነጋገሩ በአንድ ነገር ልክ ነው፤ እዚህም የእጅ ባለቤት ይጠፋል።

ፍርድ ቤት ግን እንደ ደቦ ማሰብ አይችልም። ሥራው የተገላቢጦሽ ነው። ክምሩን አፍርሶ እያንዳንዱን ነዶ ወደ ማጭዱ መመለስ አለበት። በቡድን ድብደባ ሰው ሞቶ ብዙ ሰው ሲፈረድበት፣ ይግባኙ ላይ የሚነሳው ክርክርም በአብዛኛው “እዚያ አልነበርኩም” አይደለም። “ነበርኩ፤ ግን ገዳይ አይደለሁም” ነው።

አንድ ምሳሌ ልፍጠር። ጠጅ ቤት በር ላይ ጠብ ተነሳ እንበል። አንዱ ሰውየውን ከኋላ ያዘው። ሁለተኛው በቦክስ መታው። ሦስተኛው ጠርሙስ ይዞ ከዳር ቆሞ “በለው!” እያለ ይጮኻል። አራተኛው ቢላ አወጣ፤ አንድ ጊዜ ወጋው። አምስተኛው እገላግላለሁ ብሎ መሃል የገባ ነው፤ ሸሚዙ ላይ ግን ደም አለ። ሰውየው ሆስፒታል ሳይደርስ ሞተ። ፖሊስ አምስቱንም አንጠልጥሎ ሄደ። አንድ አስከሬን፣ አንድ የቢላ ቀዳዳ፣ አምስት ተከሳሽ።

አራተኛው ላይ ብዙ ክርክር የለም። አምስተኛው ጥሩ ምስክር ካገኘ ይወጣል፤ ካላገኘ እግዜር ይሁነው። በአገራችን ገላጋይ ሆኖ ገብቶ ተከሳሽ ሆኖ መውጣት ብርቅ አይደለም። ከባዱ መሃል ያሉት ናቸው፤ በተለይ ያ “በለው!” ባይ። በለው ሲል ምን ማለቱ ነው? በቡጢ በለው? ግደለው? ወይስ ሞቅ ብሎት ነው የጮኸው?

ይህን ጥያቄ ከሁሉም በላይ አፍረጥርጦ ያየ ፍርድ ቤት የብሪታንያ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ነው። ነገሩ የተነሳው እንግሊዝ ውስጥ ሌስተር በምትባል ከተማ፣ እ.ኤ.አ. ሰኔ 2011 ነው። ሁለት ጓደኛሞች ሲጠጡና ኮኬይን ሲወስዱ አምሽተው ወደ አንዲት ሴት ቤት ሄዱ። ሄዱ፣ ወጡ፣ ተመልሰው መጡ። ሴትየዋ ውጡልኝ ብላለች። ከሌሊቱ ስምንት ሰዓት አልፎ እንደገና ሲመጡ ወዳጇ ቤት ውስጥ ነበር። ከሁለቱ አንዱ ገብቶ ከሰውየው ጋር ተያያዘ። ሌላው ውጭ ሆኖ መኪና በጠርሙስ እየመታ ጓደኛውን አንድ ነገር አድርገው እያለ ያበረታታል። አንድ ጊዜ ጠርሙሱን እንደያዘ በሩ ድረስ መጥቶ ሰውየውን በዚህ ነበር ማለት አለ፤ ግን አልደረሰበትም። ውስጥ ያለው ከማድቤት ቢላ አንስቶ ነበር። ሰውየውን ደረቱ ላይ ወጋው። ሰውየው ሞተ።

ሁለቱም በነፍስ ግድያ ተፈረደባቸው። ሁለቱም ዕድሜ ልክ። እንግሊዝ ውስጥ ነፍስ ግድያ ላይ ዳኛው ሌላ አማራጭ የለውም፤ ዕድሜ ልክ ግዴታ ነው። ዳኛው የሚወስነው እስረኛው በአመክሮ ልፈታ ብሎ ከመጠየቁ በፊት ቢያንስ ስንት ዓመት እንደሚታሰር ብቻ ነው። በር ላይ ለቆመው 20 ዓመት ተባለ፤ በመጀመሪያው ይግባኝ ወደ 18 ወረደ። እሱ ግን ጥያቄው የዓመት ቁጥር አልነበረም። ጉዳዩን እስከ ጠቅላይ ፍርድ ቤት አደረሰው። ውሳኔው ዛሬ በሕግ ሰዎች ዘንድ የሚታወቀው በእሱ ስም “ጆጊ” ተብሎ ነው።

የክርክሩ እምብርት ዳኛው ለጁሪው (ከሕዝብ መካከል ለተመረጡት 12 ፈራጆች ማለት ነው) የሰጡት መመሪያ ነው። መመሪያው በአጭሩ እንዲህ ነው፤ ይህ ሰው ጓደኛውን አበረታቶ ከሆነ፣ ጓደኛው ቢላውን ከባድ ጉዳት ለማድረስ ሊጠቀምበት እንደሚችልም ከገመተ፣ በነፍስ ግድያ ጥፋተኛ ነው።

“ከገመተ” የምትለዋን ቃል ያዙልኝ።

ቢላውን የሰነዘረው ሰው ነፍሰ ገዳይ እንዲባል ዐቃቤ ሕግ ለመግደል ወይም ከባድ ጉዳት ለማድረስ ማሰቡን ማስረዳት አለበት። በር ላይ ላለው ግን ሐሳብ አያስፈልግም፤ ግምት ይበቃል። ቅጣቱ አንድ ነው። እስኪ አስቡት፤ ገዳዩን ለመፍረድ ከሚያስፈልገው ማስረጃ አጃቢውን ለመፍረድ የሚያስፈልገው ያንስ ነበር። ከእጁ ደም የሌለው ሰው በቀላሉ ይገባል፣ ደም ያለበት በከባድ።

ግምትና ሐሳብ አንድ አይደሉም። ዝናብ ሊመጣ ይችላል ብዬ ዣንጥላ ይዤ ብወጣ ዝናቡን የጠራሁት እኔ አይደለሁም። ጓደኛዬ ጠበኛ እንደሆነ አውቃለሁ፣ ሲጠጣ ደግሞ ይብስበታል፣ አንድ ቀን ጣጣ ውስጥ ይገባል ብዬ እፈራለሁ። አብሬው ወጣሁ። የፈራሁት ደረሰ። መፍራቴ ራሱ ማስረጃ ሆኖ ዕድሜ ልክ አስፈረደብኝ። የድሮው ሕግ በተግባር ወደዚህ ነበር የሚወስደው።

ይህ ሕግ በፓርላማ የወጣ አለመሆኑ ነው ሌላው ጉድ። ዳኞች ናቸው የሠሩት። እ.ኤ.አ. በ1984 ለንደን ያለው ፕሪቪ ካውንስል የሚባለው ችሎት ከሆንግ ኮንግ የመጣ ይግባኝ ተመለከተ። ሦስት ሰዎች ቢላ ይዘው አንድ መኖሪያ ቤት ገቡ፤ ባልየው ተወግቶ ሞተ። ችሎቱ ተካፋዮቹን ለመፍረድ ሊሆን ይችላል ብሎ መገመት በቂ ነው አለ። በ1990ዎቹ መጨረሻ፣ ያኔ የአገሪቱ የመጨረሻ ፍርድ ቤት የነበረው የጌቶች ምክር ቤት ያንኑ አጸናው። ከዚያ በኋላ ስንቱ ወጣት፣ ስንቱ የሰፈር ልጅ በዚች መስመር ገባ።

የካቲት 18 ቀን 2016 እ.ኤ.አ. ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ውሳኔውን አነበበ። ሎርድ ሂውዝና ሎርድ ቶልሰን ያዘጋጁትን አምስቱም ዳኞች ተስማሙበት። በዚያው ቀን ከጃማይካ የመጣ ተመሳሳይ ይግባኝም አብሮ ተወሰነ። ዳኞቹ ያሉት ነገር በፍርድ ቤት ቋንቋ ብዙ ጊዜ አይሰማም፤ ሕጉ በ1984 መንገድ ስቶ ነበር አሉ። መገመት ሐሳብን ሊያሳይ የሚችል ማስረጃ ነው እንጂ ራሱ ሐሳብ አይደለም። ጁሪው ግምቱን አይቶ “ይህ ሰው አስቦበታል” ብሎ መደምደም ይችላል፤ መደምደም ግን አይገደድም።

እዚህ ላይ ብዙ ሰው የሚስተውን ልንገራችሁ። ፍርድ ቤቱ በር ላይ የቆመውን ሰው ነፃ አላወጣውም። በቡድን ጠብ ውስጥ ሆኖ ጉዳት እንዲደርስ የተካፈለ ሰው፣ ሞት ባያስብም፣ እንግሊዞች ማንስሎተር የሚሉት ወንጀል ውስጥ ይገባል። የመግደል ሐሳብ ሳይኖር በሕገ ወጥ ድርጊት ሰው እንዲሞት ማድረግ ማለት ነው። ከዚህም የሚያመልጥበት አጋጣሚ አለ፤ ያኛው ያደረገው ማንም ሊያስበው ከሚችለው ፍጹም የወጣ ከሆነ። ጉዳዩ ለአዲስ ጁሪ ተመለሰ። መስከረም 2016 እ.ኤ.አ. በኖቲንግሃም እንደገና ሲታይ ጁሪው ነፍሰ ገዳይ አይደለም፣ በማንስሎተር ግን ጥፋተኛ ነው አለ። 12 ዓመት ተፈረደበት።

ዕድሜ ልክ የነበረ ሰው 12 ዓመት ሆነለት። ማስረጃው ያው ነው። ጠርሙሱም፣ በሩም፣ ጩኸቱም አልተለወጡም። የተለወጠው ጁሪው የተጠየቀው ጥያቄ ነው።

ይህን ዜና እስር ቤት ሆነው የሰሙት ሰዎች ምን እንደተሰማቸው መገመት አይከብድም። ሕጉ ስህተት ነበር ተብሏል። በዚያ ሕግ የታሰሩት ሁሉ ይግባኝ ሊሉ ነው። እናቶች ፋይል ይዘው ወደ ጠበቃ ሮጡ። ከእነሱ ብዙዎቹ እ.ኤ.አ. በ2010 ባቋቋሙት ማኅበር ውስጥ ለዓመታት ሲጮኹ የነበሩ ናቸው።

በሩ ግን አልተከፈተም። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ራሱ፣ በዚያው ውሳኔ መጨረሻ አካባቢ፣ መቀርቀሪያውን አስቀምጦ ነበር። ሕጉን ማረም በጊዜው የነበረውን ሕግ በታማኝነት ተከትለው የተሰጡ ፍርዶችን ሁሉ አያፈርስም አለ። እንግሊዝ ውስጥ የይግባኝ ፈቃድ የሚጠየቀው በ28 ቀን ውስጥ ነው። ከዓመታት በኋላ የሚመጣ ሰው ልዩ ፈቃድ ያስፈልገዋል፤ ያን ለማግኘት ደግሞ ከባድ የፍትሕ መጓደል ደርሶብኛል ብሎ ማሳየት አለበት። ሕጉ ስህተት ነበር ማለት አይበቃም። በትክክለኛው ሕግ ቢሆን ኖሮ ምናልባት ነፍሰ ገዳይ አልባልም ነበር ማለት ብቻውንም ላይበቃ ይችላል። በዚያው ዓመት ጥቅምት ላይ የይግባኝ ፍርድ ቤቱ በጆጊ ላይ ተመርኩዘው የመጡ የመጀመሪያዎቹን ይግባኞች ሰብስቦ አየ። በነፍስ ግድያ ፍርዳቸውን ያስለወጠ አልነበረም።

እኔ እዚህ ላይ ነው ከዳኞቹ ጋር የምለያየው። ፍርድ መጨረሻ ሊኖረው ይገባል የሚለው ሐሳብ ይገባኛል። የሟች ቤተሰብ በየአሥር ዓመቱ ፍርድ ቤት ሊጠራ አይገባም። ማስረጃ ያረጃል፣ ምስክር ይሞታል፣ ይረሳል። ግን ስህተቱ የዳኞች ነበር። ያሰረው የዳኞች ስህተት፣ ስህተት ነው ያሉትም ዳኞች፣ መውጫውን ያጠበቡትም ዳኞች። ከሳሽም ምስክርም እሱ፣ ፈራጅም እሱ እንደሚባለው ነው።

እስከ 2018 ድረስ በዚህ መንገድ የተሳካለት አልነበረም። በዚያ ዓመት የተሳካለት ሰው በ2005 በነፍስ ግድያ የተፈረደበት ነበር። ለስርቆት አብረው ቤት ገቡ፤ ጓደኛው የቤቱን ባለቤት፣ አንድ ሽማግሌ፣ በቡጢ መታቸው፤ ሞቱ። እሱ አልመታም። የይግባኝ ፍርድ ቤቱ የነፍስ ግድያውን ፍርድ ሰረዘ፤ ጉዳዩ ወደ ማንስሎተር ወረደ፤ 13 ዓመት ታስሮ ስለነበር ወጣ። የሚገርመው በቀጣዩ ዓመት፣ ኅዳር 2019 እ.ኤ.አ.፣ ይኸው ሰው ለንደን ድልድይ አጠገብ የታራሚዎች ትምህርት ስብሰባ ላይ ነበር። ቢላ የያዘ አሸባሪ ሰዎችን ሲወጋ የእሳት ማጥፊያ አንስቶ ከተጋፈጡት አንዱ ሆነ። ከሕግ ክርክሩ ጋር አይገናኝም፤ ግን አንዴ ከሰማሁት በኋላ ከአእምሮዬ አልወጣም።

ሌላም የሚገርም አለ። ጆጊ ከተወሰነ በኋላ በዚያው ዓመት የአውስትራሊያ ከፍተኛው ፍርድ ቤት “እኛ አንከተልም” አለ። የሆንግ ኮንግ የመጨረሻ ይግባኝ ችሎትም እንዲሁ። የስህተቱ መነሻ የሆነው ጉዳይ የመጣው ከሆንግ ኮንግ ነበር። ለንደን ስህተት ነበርኩ ስትል፣ ሆንግ ኮንግ የለም ልክ ነበርሽ አለቻት። የእነሱ ክርክር ባዶ አይደለም። ታጥቆ አብሮ የወጣ ሰው፣ ጓደኛው ሊገድል እንደሚችል እያወቀ ከቀጠለ፣ ለምን በግምት ብቻ ነበርኩ ብሎ ያመልጣል? ይላሉ። ይህን ጥያቄ የሟች እናትም ትጠይቀዋለች።

ልጆቻቸውን ለንደን ወይም ማንቸስተር የሚያሳድጉ ሐበሾች ይህን ጉዳይ ከሩቅ ማየት አይችሉም። የእንግሊዝና ዌልስ ዐቃቤ ሕግ መሥሪያ ቤት በ2023 ለስድስት ወር በተወሰኑ አካባቢዎች የሰበሰበውን መረጃ ይፋ አድርጎ ነበር። ከሕዝቡ ቁጥር ጋር ሲነጻጸር ጥቁር ሰው በዚህ ሕግ በግድያ ወይም በግድያ ሙከራ የመከሰሱ ዕድል ከነጭ 16 እጥፍ ሆኖ ተገኘ። የስልክ መልእክት፣ አብሮ የተነሱት ፎቶ፣ የሰፈር ራፕ ቪዲዮ፣ ሁሉም “የቡድኑ አባል ነው” ለማለት ይቀርባል። ጆጊ ሕጉን አጥብቦታል፤ ግምት አሁንም ማስረጃ ስለሆነ ግን ዐቃቤ ሕግ የሚያመጣው ነገር ያው ነው። በ2024 የሊቨርፑሏ የፓርላማ አባል ኪም ጆንሰን ተካፋይ የሚባለው ለወንጀሉ ጉልህ አስተዋጽኦ ያደረገ ብቻ ይሁን የሚል ረቂቅ ለክርክር አቅርባ ነበር። አላለፈም።

አሜሪካ ስንሄድ የእኛው ሰው ታሪክ አለ። ሙሉጌታ ሥራው። ለትምህርት ሄዶ ፖርትላንድ፣ ኦሪገን ይኖር ነበር። ኅዳር 1988 እ.ኤ.አ. ሌሊት፣ ጓደኞቹ ቤቱ በር ላይ ሲያወርዱት፣ ራሳቸውን የተላጩ ሦስት ነጭ ዘረኞች ደረሱባቸው። አንደኛው በቤዝቦል ዱላ ጭንቅላቱን መታው። ሙሉጌታ ሞተ፤ 28 ዓመቱ ነበር። ሦስቱም አብረው ነበሩ፤ ሦስቱም በጥላቻ ነበሩ። ዱላውን የያዘው ነፍስ ግድያ አምኖ ዕድሜ ልክ ተፈረደበት፤ እስር ቤት ሞተ። ሁለቱ ግን በማንስሎተር አምነው 20 ዓመት ተፈረደባቸው። ዱላ የያዘው እጅ ከሌሎቹ እጆች ተለየ።

ጉዳዩ ግን እዚያ አላበቃም። የሙሉጌታ ቤተሰብ በፍትሐ ብሔር ከሰሱ፤ በወንጀል ሳይሆን በካሳ። ተከሳሾቹ ውስጥ ካሊፎርኒያ የሚኖር የዘረኞች ድርጅት መሪ ቶም ሜትዝገርና ልጁ ነበሩ። እነሱ ያን ሌሊት ፖርትላንድ እንኳን አልነበሩም። የቤተሰቡ ጠበቃ ሞሪስ ዲስ ያቀረበው ክርክር ወጣቶቹን የሚያደራጅና የሚያነሳሳ ሰው ልከዋል የሚል ነበር። በ1990 ጁሪው 12.5 ሚሊዮን ዶላር ፈረደባቸው። ይግባኝ አሉ። የኦሪገን ይግባኝ ፍርድ ቤት በ1993 ፍርዱን አጸና።

ሁለቱን አጠገብ ለአጠገብ አስቀምጧቸው። እንግሊዝ ውስጥ በሩ ላይ የቆመው ነፍሰ ገዳይ ነው ወይ ተብሎ 30 ዓመት ተከራከሩ። ኦሪገን ውስጥ ከአንድ ሺህ ኪሎሜትር በላይ ርቆ የነበረው ሰው ተጠያቂ ሆነ። ቅራኔ ይመስላል፤ አይደለም። በካሳ ክርክር የሚፈለገው የማስረጃ ሚዛን ከወንጀል ይቀላል፤ የሚወሰደውም ገንዘብ እንጂ ዕድሜ አይደለም። የላከ ሰው ቤቱን ሸጦ ይክፈል። ገዳይ ነህ ብሎ ዕድሜ ልክ ለማሰር ግን ልብ ውስጥ መግባት ያስፈልጋል።

ካሊፎርኒያ ደግሞ እንግሊዝ ያልደፈረችውን አድርጋለች። እዚያም ለዘመናት፣ ለዘረፋ አብሮ የገባ ሰው ጓደኛው ሰው ቢገድል እሱም ነፍሰ ገዳይ ይባል ነበር። ማሰብ ቀርቶ መገመቱ እንኳን አይጠየቅም። በ2018 የግዛቷ ምክር ቤት ሕግ አውጥቶ ይህን አጠበበው። ከ2019 መጀመሪያ ጀምሮ ራሱ ያልገደለ ሰው በነፍስ ግድያ የሚጠየቀው ለመግደል አስቦ ከረዳ፣ ወይም ዋና ተካፋይ ሆኖ ለሰው ሕይወት ግድ ካልሰጠው ነው። ሟቹ ፖሊስ ከሆነ የተለየ ነው። ዋናው ነገር ግን ቀጥሎ ያለው ነው። ሕጉ አስቀድሞ የተፈረደባቸው ሰዎች ወደ ፈረደባቸው ፍርድ ቤት ተመልሰው እንዲያመለክቱ ፈቀደ። ታራሚው መጀመሪያ የሚታመን ምክንያት ካሳየ፣ ዐቃቤ ሕግ በአዲሱ ሕግም ጥፋተኛ መሆኑን እንደገና የማስረዳት ሸክም አለበት። ምክር ቤቱ በ2021 በሩን ይበልጥ አሰፋው፤ በማንስሎተርና በግድያ ሙከራ ለተፈረደባቸውም።

ዳኛ የሠራውን ስህተት ዳኛ ማረም ይከብደዋል፤ ፓርላማ ሲገባበት ግን ይቻላል። የካሊፎርኒያና የለንደን ልዩነት እዚህ ላይ ይመስለኛል።

ወደ ቤታችን እንመለስ። የ1996 ዓ.ም. የወንጀል ሕጋችን ስለዚህ ጉዳይ ከብዙዎች በተሻለ በግልጽ ይናገራል ብል አላጋነንኩም። አንቀጽ 32 ዋና ወንጀል አድራጊ ማን እንደሆነ ይዘረዝራል። በቀጥታም ሆነ በሌላ ሰው አማካይነት የፈጸመው አለ። ድርጊቱን ራሱ ባይፈጽምም በሙሉ ሐሳቡና አድራጎቱ በወንጀሉና በውጤቱ ተካፋይ የሆነም አለ፤ እሱም ዋና ነው። አንቀጽ 37 ደግሞ ረዳት የሆነውን ይይዛል። ወንጀሉ ከታሰበው በላይ ከሄደስ? ሕጉ ወደ አንቀጽ 58 ንዑስ አንቀጽ 3 ይልከናል። ማንም ሰው ካወቀውና ካሰበው፣ ሊሆን ይችላል ብሎም ከተቀበለው በላይ ለሆነው ነገር አይፈረድበትም፤ የቸልተኝነት ደንብ እንደተጠበቀ ሆኖ።

“ከተቀበለው” የምትለዋ እንግሊዞች ያጧት ቃል ናት። የእኛ ሕግ በሐሳብና በግምት መካከል ሦስተኛ ቦታ አለው። አንቀጽ 58 ውስጥ ሰው አስቦ አድርጓል የሚባለው ውጤቱን ፈልጎ ሲያደርግ ብቻ አይደለም። ሊደርስ እንደሚችል እያወቀ፣ ቢደርስም ይድረስ ብሎ ሲያደርግም ነው። በተራ አማርኛ “የመጣው ይምጣ” ማለት ነው። ገመተ፣ የመጣው ይምጣ አለ፣ ፈለገ። የመጀመሪያው ብቻውን አስቦ አድርጓል አያሰኝም። ሁለተኛውና ሦስተኛው ያሰኛሉ።

አሁን ወደ ጠጅ ቤቱ በር እንመለስ። “በለው!” ባዩ ቢላው መውጣቱን አይቶ ነው የጮኸው? አይቶ ከጮኸ፣ የመጣው ይምጣ ብሏል ለማለት መንገድ አለ። ቢላው የወጣው እሱ ከጮኸ በኋላ ከሆነ ግን ነገሩ ሌላ ነው። ጠቡን ፈልጓል፤ ሞቱን አልተቀበለም። በሁለቱ መካከል ያለው የሰከንድ ልዩነት ነው። ያቺ ሰከንድ የብዙ ዓመት እስር ናት። በአንቀጽ 540 ተራ የሰው ግድያ ከ5 እስከ 20 ዓመት ጽኑ እስራት ያስቀጣል። በ539 ከባድ ግድያ ዕድሜ ልክ ወይም ሞት ነው። ከባድ የአካል ጉዳት በአንቀጽ 555 ቢበዛ 15 ዓመት ነው።

አንድ ነገር ደግሞ ብዙ ሰው ይሳሳታል። ብዛት ራሱ ግድያውን ከባድ አያደርገውም። አንቀጽ 539 የሚለው ለግድያ ወይም ለመሣሪያ ዘረፋ የተደራጀ ቡድን አባል ሆኖ የገደለን ነው። ጠብ አይተው የተሰበሰቡ አምስት ጠጪዎች የተደራጀ ቡድን አይደሉም። አንቀጽ 32 ተካፋዮቹ አንድ ዓይነት ቅጣት የተጻፈባቸው ቢሆንም፣ ፍርድ ቤቱ የእያንዳንዱን የጥፋት ደረጃ እንዲመዝን ያዛል። አንድ ድንጋይ የወረወረና ሃያ ጊዜ የረገጠ እኩል አይቀጡም።

ወረቀቱ ላይ ይህ ሁሉ አለ። ይግባኝ የሚመጣው ወረቀቱ መሬት ላይ ሲወርድ ነው። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 20 ይግባኝ ማለትን መብት አድርጎታል። ከዚያ በኋላ ሰበር አለ፤ ሰበር ግን የሚያየው መሠረታዊ የሕግ ስህተትን ብቻ ነው። ሦስተኛ ተከሳሽ ጮኋል ወይስ አልጮኸም የሚለው የፍሬ ነገር ጥያቄ ነው፤ ሰበር አይነካውም። ጩኸቱ በሙሉ ሐሳብ ተካፋይ ያሰኘዋል ወይ የሚለው ግን የሕግ ጥያቄ ነው። የፌዴራል ጠቅላይ ፍርድ ቤት ሰበር ችሎት አምስት ዳኛ ሆኖ ለዚህ የሚሰጠው ትርጉም በአዋጅ ቁጥር 1234/2013 መሠረት የበታች ፍርድ ቤቶችን ሁሉ ያስገድዳል። ስለዚህ ጠበቃው ደንበኛዬ አልጮኸም ብሎ ሰበር ድረስ መውጣቱ ድካም ነው። ጮኋል፤ ግን መጮኹ ይህን አያሰኝም ማለት አለበት።

እንግሊዞችን የገጠማቸው ችግር እኛንም ሊገጥመን ይችላል። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 22 ወንጀሉ ከተፈጸመ በኋላ የወጣ ሕግ ለተከሳሹ የሚጠቅመው ከሆነ እሱ ይሠራል ይላል። የሚያወራው ስለ ሕግ ነው። ነገ ሰበር “በለው” ስለማለት የሰጠውን ትርጉም ቢለውጥስ? በድሮው ትርጉም ታስሮ ያለው ሰው ምን ይሁን? እዚህ ላይ አንቀጹ ዝም ይላል። ይህን ክፍተት ሰው ታስሮ ቤተሰብ ወደ ፊርማ ማሰባሰብ ከመድረሱ በፊት ሕግ አውጪው ቢያስብበት ደግ ነው።

የይግባኝ ጠበቃ የሥር ፍርድ ቤቱን ውሳኔ ግልባጭ ሲያገኝ መጀመሪያ የሚፈልገው አንቀጹን አይደለም። የምስክሮቹን ቃል ነው። ሁሉም ምስክር ማለት ይቻላል አንድ ዓረፍተ ነገር ይናገራል፤ “ተሰብስበው ደበደቡት።” አማርኛችን እዚህ ላይ ይተባበረናል፤ አንድ ግስ አምስት ሰው ይይዛል። ማን እንደያዘ፣ ማን እንደመታ፣ ማን እንደጮኸ ሁሉም በዚያች ጫፍ ላይ ባለች ድምፅ ውስጥ ገብተው ይጠፋሉ። እንደ ደቦ።

ጠበቃው ገጾቹን ያገላብጣል። “4ኛ ተከሳሽ ወጋው” የሚል ያገኛል። “1ኛ ተከሳሽ ከኋላ ያዘው” የሚል ያገኛል። ወደ 3ኛው ሲደርስ “ደበደቡት”፣ “አብሯቸው ነበር”፣ “ሲጮኹ ሰማሁ” ይላል። ቀጥሎ ዳኛው ለምስክሩ ያቀረቡለትን የማጣሪያ ጥያቄ ይፈልጋል። ቢላው ከወጣ በኋላ ነው ወይስ በፊት የጮኸው? ማን ሲጮኽ አየህ? አንዳንዴ ጥያቄው ገጹ ላይ አለ፤ መልሱም ከሥሩ ተጽፏል። አንዳንዴ የሚቀጥለው መስመር “የምስክሩ ቃል በዚህ ተጠናቋል” ነው።